ከፍትፍቱ ፊቱ

ባለፈው ወር አንድ መሥሪያ ቤት ለሠራተኞቹ ባዘጋጀው ስልጠና ላይ እንድገኝ ተጋብዤ ሄጄ ነበር። ከመድረኩ በላይ የተሰቀለው ጨርቅ «ደስተኛ ሠራተኛ፣ ውጤታማ ተቋም» ይላል። አዳራሹ አምሯል፤ የታሸገ ውሃ በየጠረጴዛው ተደርድሯል፤ ደብተርና እስክሪብቶ ታድሏል። አሰልጣኙ ወጣት ነው፤ ንግግሩ እንደ ውሃ ይፈሳል። ገና ሰላምታውን ሳይጨርስ «በሥራችሁ ደስተኛ የሆናችሁ እስቲ እጃችሁን አውጡ!» አለ። እጅ ሁሉ ወጣ። አንድም የቀረ የለም። ነገሩን ለመረዳት ሊቅ መሆን አያስፈልግም፤ ዋና ሥራ አስኪያጁ ከፊት ወንበር ላይ ዞር ብለው እየተመለከቱ ነበር።

የሻይ ሰዓት ደርሶ ወጣን። ሻይ የሚቀዱት አንዲት በዕድሜ ጠና ያሉ ሴት ናቸው። በዚያ መሥሪያ ቤት ሃያ ዓመት እንዳገለገሉ ከጎኔ የነበረ ሰው ነገረኝ። «እትዬ፣ እርስዎስ ገብተው አይሰለጥኑም?» አልኳቸው፣ ጨዋታ ለመጀመር ያህል።

«ምነው ጋሼ፣ እኔ ከገባሁ ሻዩን ማን ያፈላል?» አሉና ፈገግ አሉ። ስኳሩን ወደ እኔ እየገፉ ደግሞ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ደስታውስ ይቅርብኝ። ጠዋት በዚህ ሲያልፉ እንደምን አደርሽ ቢሉኝ ይበቃኝ ነበር» አሉኝ።

ይቺ ንግግር ከስልጠናው ሁሉ በላይ አብራኝ ቤት ገባች። የዛሬው ወጌም ከእሷ የተነሣ ነው።

የሥራ ቦታ ደስታ፣ የሠራተኛ የአእምሮ ጤና የሚባለው ነገር በአሁኑ ጊዜ ፋሽን ሆኗል። ብዙ ሰው ነገሩ ከፈረንጅ የመጣ ቅንጦት ይመስለዋል። «እኛ እንጀራ ፍለጋ ላይ ነን፣ ደስታ የጠገበ ሰው ጥያቄ ነው» የሚል ወዳጅ አለኝ። ወዳጄ ግን ተሳስቷል። የኛ አገር ሰው ስለዚህ ጉዳይ ማሰብ የጀመረው ስልጠናና አሰልጣኝ ሳይፈጠር ነው። «ከፍትፍቱ ፊቱ» የሚለውን ተረት ያወረሱን ሰዎች ሆዳቸው ስለሞላ አልነበረም እንዲህ ያሉት። የተራበ ሰው እንኳ ያቀረቡለትን ምግብ ብቻ ሳይሆን ያቀረበለትን ሰው ፊት ጭምር እንደሚያይ ስለሚያውቁ ነው። ደመወዝ ፍትፍት ነው፤ ፊቱ ደግሞ አለቃውና ባልደረባው። ታዲያ የዚህ አገር ሠራተኛ በየዘመኑ ምን ዓይነት ፊት ነበር የሚያየው? በምን ስምስ ነበር የሚጠራው? እስቲ ወደ ኋላ ሄደን እንይ።

ከአርሶ አደሩ እንጀምር። ደቦ፣ ጅጊ፣ ወንፈል እያልን በየአካባቢው የምንጠራው የኅብረት ሥራ አለ። እርሻ ሲከብድ፣ አረም ሲበረታ፣ አጨዳ ሲደርስ ጎረቤት ይጠራል። ደመወዝ የለም። ባለቤቱ ግን እንጀራና ጠላ የማቅረብ ግዴታ አለበት፤ ነገ ደግሞ በተራው ሄዶ ይሠራል። የሥነ ጽሑፍ መምህር በነበርኩበት ጊዜ ስለ ሥራ ዘፈን ሳስተምር ተማሪዎቼን አንድ ነገር ልብ እንዲሉ እጠይቃቸው ነበር። አውጪው ያወጣል፣ ተቀባዩ ይቀበላል፤ ድካሙ በዜማው ይረሳል። ይህን ሁሉም ያውቀዋል። ብዙዎቻችን የምንዘነጋው ግን በዚያ ዘፈን ውስጥ ባለቤቱም እንደሚነካ ነው። ደግ ከሆነ ይወደሳል፤ ጠላው ከቀጠነ፣ ወጡ ካነሰ ደግሞ በግጥም ሸንቆጥ ይደረጋል። ባለቤቱም ይስቃል እንጂ አይቆጣም፤ ቢቆጣ የከርሞ ደቦው ላይ ሰው አይመጣለትም። ሥራው እንደ ድንጋይ የከበደ ቢሆንም ሠራተኛው አፍ ነበረው። እኩል ተቀምጦ ይበላል፤ ቅር ያለውንም ይናገራል።

ይህን ሳወራ ግን ያለፈውን ዘመን ወርቅ ቀብቼ ላቀርበው አልፈልግም። አራሹ በሬውን ጠምዶ ሲያርስ ማረሻውን የሠራለት ሰው በዚያ ማዕድ ላይ አልነበረም። ቀጥቃጩ ቡዳ ነበር፤ ዓይኑ ይበላል ተብሎ ይፈራል። የሸክላ ሠሪዋ ድስት ከሁሉም ቤት ምድጃ ላይ አለ፤ እሷ ግን ከደጅ አታልፍም። ቆዳ ፋቂው፣ ሸማኔው፣ ሁሉም የየራሱ የስድብ ስም ወጥቶለታል። አገሩ የእጃቸውን ሥራ ይለብሳል፣ ይበላበታል፣ ይዋጋበታል፤ እነሱን ግን ይንቃል። ከነሱም በታች የሚሠራበት ጉልበት የራሱ ያልሆነ ባሪያ ነበር። ባርነትን ጨርሶ የሚከለክለው አዋጅ የወጣው በ1934 ዓ.ም. መሆኑን ስናስታውስ ዘመኑ ምን ያህል ቅርብ እንደሆነ እንረዳለን።

እንግዲህ ወደ 1900 ዓ.ም. እንምጣ። በዚያ ዓመት ዳግማዊ ምኒልክ አንድ አዋጅ አስነገሩ። ስለ ግብር አይደለም፣ ስለ ጦርነትም አይደለም። ስለ ስድብ ነው። ሠራተኛን በሥራው አትስደቡ የሚል አዋጅ! ብረት የሚሠራውን ጠይብ፣ ሸማ የሚሠራውን ቁጢት በጣሽ፣ የሚጽፈውን ጠንቋይ እያላችሁ ትሰድባላችሁ ብለው ስድቡን አንድ በአንድ ቆጠሩት። የሰው ሁሉ ዘር ከአዳምና ከሔዋን እንደሆነ አስታወሱ። በሌላው አገር አዲስ ነገር የሚሠራ ሰው መሐንዲስ ተብሎ ይከበራል፣ ይሸለማል እንጂ በሥራው አይሰደብም አሉ። ሠራተኛውን የሚሰድብ ንጉሡን እንደሰደበ ይቆጠራል፤ ቅጣቱም እስራት ነው።

እኔ ይህን አዋጅ ባነበብኩት ቁጥር እደነቃለሁ። ባቡርና ስልክ ወደ አገር ለማስገባት የሚጣደፉ ንጉሥ አንድ ነገር ገብቷቸዋል። መሣሪያ ብቻውን አገር አያሠለጥንም። የሚሠራው ሰው በሥራው እያፈረ፣ ልጁም የአባቱን ሙያ እየሸሸ ምንም አይለማም። ዛሬ በወፋፍራም መጻሕፍት የምናነበውን ነገር በአንድ የገበያ አዋጅ ነገሩን፦ ሠራተኛውን መጀመሪያ የሚያደክመው የሥራው ክብደት ሳይሆን የሰው ንቀት ነው።

የሚገርመው ግጥምጥሞሽ ደግሞ አለ። በዚያው በ1900 ዓ.ም.፣ ጥቅምት ላይ፣ የመጀመሪያዎቹ ሚኒስትሮች ተሾሙ። ዛሬ «ቢሮ»፣ «መሥሪያ ቤት» የምንለው ነገርና ሠራተኛን አትስደቡ የሚለው አዋጅ የአንድ ዓመት ልጆች ናቸው ማለት ነው። መንትዮቹ ግን አብረው አላደጉም። ቢሮው ሲፋፋ አዋጁ ተረሳ።

ምክንያቱ ሩቅ አይደለም። መሥሪያ ቤቱ የተወለደው ከግቢ ነው፤ የግቢውን ጠባይ ወረሰ። ሹመት የሚገኘው በደጅ ጥናት ነበር። ሰው ወራት፣ አንዳንዴም ዓመታት፣ በጌታው ደጅ ቆሞ ይጠናል፤ እስኪታይ፣ እስኪጠራ። ደጁ በቢሮ በር ተተካ እንጂ ጥናቱ አልቀረም። ቋንቋችንም ለዚህ ተመቻችቶ ነበር። አማርኛ «አንተ» እና «እርስዎ» የሚባሉ ሁለት መሰላሎች አሉት። በቢሮው ውስጥ «እርስዎ» ወደ ላይ ብቻ ይወጣል፤ «አንተ» ደግሞ ወደ ታች ብቻ ይወርዳል። የሃምሳ ዓመት ጸሐፊ የሠላሳ ዓመት አለቃውን «ክቡርነትዎ» ሲለው፣ አለቃው «አንተ፣ ፋይሉን አምጣ» ይለዋል። ቤት ውስጥ ቢሆን ኖሮ ያው ወጣት ለዚያ ሽማግሌ ከወንበሩ ይነሣለት ነበር። ከቢሮ ሲገባ ግን ዕድሜም ሽበትም ከበሩ ይቀራሉ።

ይህን ከመጽሐፍ አይደለም የማውቀው። አባቴ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ነበር። በንጉሡ ዘመን ተቀጥሮ በደርግ ዘመን ጡረታ ወጣ። ያለችውን አንዲት ከረባት ማታ ማታ በፍራሽ ሥር አስተኝቶ ያድራል፣ እንድትተኮስ። ሥራውን ይወድ ነበር፤ የእጅ ጽሑፉ ሲታይ የታተመ ይመስላል። ነገር ግን እሑድ ማታ ሲሆን ሆዱን ያመዋል። ዘወትር እሑድ ማታ። እናቴ ፌጦ ትሰጠዋለች፣ ዳማከሴ ትጨምቅለታለች፤ ሐኪም ቤት ሄዶም ምንም አልተገኘበትም። ጡረታ በወጣ በሁለተኛው ወር ግን ያ ሕመም እንደ ጉም በንኖ ጠፋ። እኛ ልጆቹ መድኃኒቱ ሠራ ብለን ነበር። ዛሬ ሳስበው መድኃኒቱ ሰኞ መቅረቱ ነው።

አማርኛ ኀዘንን ሆድ ውስጥ ያኖረዋል። «ሆድ ባሰኝ» እንላለን። «ሆድ ይፍጀው» እንላለን። ሐኪሞች ስለ ጭንቀትና ስለ ድባቴ ሳይነግሩን በፊት ቋንቋችን የት እንደሚያም ያውቅ ነበር። ያላወቅነው ሆድ ሲፈጀው የሚኖር ሰው መጨረሻው ምን እንደሚሆን ነው። ሕመሙ ሲብስ ደግሞ «አማኑኤል ይወሰድ» እየተባለ መቀለጃ ስለሚሆን ሁሉም አፉን ይይዛል።

በፋብሪካውና በባቡሩ ሠፈር ግን ዝም ያላሉ ሰዎች ነበሩ። የባቡር ሠራተኞችና የስኳር ፋብሪካ ሠራተኞች በመደራጀት ቀዳሚ ናቸው። በ1955 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ሠራተኞች አንድነት ማኅበር ተመሠረተ። በየካቲት ማብቂያ 1966 ዓ.ም. ይኸው ማኅበር የጠራው ጠቅላላ የሥራ ማቆም አድማ ለአራት ቀናት ያህል ሥራ አስቆመ። የዚያን ወቅት ታሪክ ሳነብ ትኩረቴን የሚስበው የጥያቄዎቹ ዓይነት ነው። ደመወዝ ይጨመር የሚለው አለ፤ ጡረታ የሚለውም አለ። ከዚያ አድማ ቀጥሎ ግን በየመሥሪያ ቤቱ አንድ ሌላ ጥያቄ ተደጋግሞ ተሰማ፦ እገሌ የሚባሉት ኃላፊ ይነሡልን! ሰው ለእንጀራው ሲጮኽ ፊቱንም ጨምሮ ነበር የጮኸው። ስልሳ ዓመት የተጠራቀመ «አንተ» በአንድ የፀደይ ወራት ገነፈለ።

ከዚያ ደርግ መጣ፤ በአንድ ሌሊት ሁሉም «ጓድ» ሆነ። ክቡርነትዎ ቀረ። በወረቀት ላይ ከታየ ከዚህ የበለጠ እኩልነት የለም፤ ሚኒስትሩም ጓድ፣ ተላላኪውም ጓድ። ከ1968 ዓ.ም. በኋላ በየመሥሪያ ቤቱ የውይይት ክበብ ተቋቋመ፤ ሠራተኛው ተሰብስቦ እንዲናገር ተጠየቀ። ሂስና ግለ ሂስ የሚባል ሥርዓት ገባ፤ ኮከብ ሠራተኛም ይሸለም ጀመር። ታዲያ ይህ ሁሉ ሠራተኛውን ለምን ደስተኛ አላደረገውም? ምክንያቱም በዚያው ዘመን ቀይ ሽብር ነበር። ጠዋት አብሮህ የፈረመ ባልደረባህ ከሰዓት ወንበሩ ባዶ ሆኖ ይገኛል። የት ሄደ ብሎ የሚጠይቅ የለም። ለመናገር በተከፈተ መድረክ ላይ የተናገሩ ሰዎች ዋጋ ከፈሉበት። አባቴ ስለዚያ ጊዜ ሲያወራ አንድ ነገር ይል ነበር፦ «ድሮ የሚንቀኝን ሰው አውቀው ነበር። ኋላ ግን የምፈራውን ሰው እንኳ ማወቅ አቃተኝ።»

ከዚህ የምማረው አለኝ። የመጠሪያ ስም መለወጥ ብቻውን ዋጋ የለውም። «ጓድ» ከ«አንተ» የሚሻለው የተባለው ሰው መልሶ ለመናገር ሲችል ነው። በደቦው ላይ ያለው አራሽ ማንም ጓድ አላለውም፤ ነገር ግን ጠላው ቀጥኗል ማለት ይችል ነበር።

ደርግ ሲወድቅ «አቶ» እና «ወይዘሮ» ተመለሱ። ሂስና ግለ ሂስም ስሙን ለውጦ ግምገማ ተባለ። ከ1990ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ ደግሞ «የመሠረታዊ የሥራ ሂደት ለውጥ» የሚባለው መጣ፤ ሠራተኛው በእንግሊዝኛ አህጽሮቱ «ቢፒአር» ይለዋል። ሐሳቡ መጥፎ አልነበረም። ባለጉዳይ አሥር ቢሮ ከሚንከራተት በአንድ መስኮት ይስተናገድ ነው የሚለው። በብዙ ቦታም ወረፋ አሳጥሯል፤ ይህን መካድ ግፍ ነው። ነገር ግን እንደ ቋንቋ ሰው ስሞቹን ልብ አልኩ። አለቃው «የሥራ ሂደት ባለቤት» ሆነ። ሠራተኛው «ፈጻሚ» ተባለ። አንዱ ባለቤት፣ ሌላው ፈጻሚ! ለዓመታት የሠራበትን መደብ መልሶ ለማግኘት ተወዳድሮ ምደባ ያጣው ደግሞ «ተንሳፋፊ» የሚል ስም ወጣለት። ወዳጆቼ፣ ከቁጢት በጣሽ ወደ ተንሳፋፊ ስንት ዓመት ነው? አንድ መቶ ገደማ። ስድቡ የቢሮ ልብስ ለብሶ፣ በማኅተም ተረጋግጦ ተመለሰ። አንዲት የማውቃት የመዝገብ ቤት ሠራተኛ በዚያ ሰሞን ተንሳፋፊ ተብላ ስድስት ወር ሙሉ ደመወዟን እየበላች ያለ ወንበር ኖራለች። «ሥራ ፈት ሆኜ ደመወዝ መቀበሌ ሊያስደስተኝ ይገባ ነበር» አለችኝ፤ «እኔ ግን ጠዋት ጠዋት ልጆቼ ፊት ቦርሳዬን አንጠልጥዬ ስወጣ አለቅስ ነበር።» ፍትፍቱ አልተቋረጠባትም። የጎደለባት ሌላ ነገር ነው።

እዚህ ላይ አንድ ብርቱ ተቃውሞ ይነሣል፤ ፍትፍት ለሌለው ሰው ፊት ምን ያደርግለታል? ተገቢ ጥያቄ ነው። በ2008 ዓ.ም. የሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ ሲመረቅ ብዙ ተስፋ ተጥሎበት ነበር። ከገጠር የመጡ በሺህ የሚቆጠሩ ልጃገረዶች መኪና ላይ ቁጭ ብለው ሸሚዝ መስፋት ጀመሩ። እ.አ.አ. በ2019 የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ስተርን የቢዝነስ ትምህርት ቤት ተመራማሪዎች ባወጡት ጥናት የጀማሪዎቹ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ነበር፤ ልብስ ሰፍተው ለዓለም ከሚሸጡ አገሮች ሁሉ ዝቅተኛው። በመጀመሪያው ዓመት የለቀቁት ሠራተኞች ብዛት ሲታይ ፋብሪካዎቹ ሠራተኛቸውን ከሞላ ጎደል በሙሉ የለወጡ ያህል ነበር። አሠሪዎቹ «የሥራ ባህል የላቸውም» አሉ። ልጆቹ ግን በዚያ ብር የቤት ኪራይ ከፍለው መብላት አይችሉም ነበር። ስለዚህ ወዳጄ፣ ፈገግታ የደመወዝ ምትክ አይሆንም። ሠራተኛ ሲርበው «ደስተኛ ሁን» ብሎ ማሠልጠን ራሱ አንዱ የንቀት ዓይነት ነው። ተረቱም ከፍትፍቱ ፊቱ አለ እንጂ በፍትፍቱ ፈንታ ፊቱ አላለም። ፍትፍቱ መጀመሪያ ሊቀርብ ይገባል።

ፍትፍቱ ለሁሉም የሚደርስበት አገርስ? ይህን ለማየት ወደ ለንደን እንሻገር፤ ደመወዝ በወቅቱ የሚከፈልበት፣ ሕክምና በነጻ የሚገኝበት፣ ተላላኪውም ቢሆን ጾሙን የማያድርበት አገር ነው። እ.አ.አ. በ1967 ዋይትሆል በሚባለው የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ሠፈር በሚሠሩ ከ17 ሺህ በላይ ወንዶች ላይ ጥናት ተጀመረ፤ ኋላ ሐኪሙ ማይክል ማርሞት ዝነኛ ያደረገው ነው። የዚያን ጊዜ አስተሳሰብ በልብ ድካም የሚሞተው ብዙ የሚጨነቀው አለቃ ነው የሚል ነበር። የተገኘው የተገላቢጦሽ ነው። በመሰላሉ ግርጌ ያሉት ተላላኪዎችና በር ጠባቂዎች ከላይ ካሉት ኃላፊዎች ይልቅ ከሦስት እጥፍ በላይ በልብ ሕመም ይሞቱ ነበር። ሲጋራው፣ የደም ግፊቱ ሁሉ ታሳቢ ተደርጎ እንኳ ልዩነቱ ከፊሉ ብቻ ነው የተብራራው። እ.አ.አ. በ1985 ሴቶችንም ጨምሮ በተጀመረው ሁለተኛ ጥናት ደግሞ አንድ ምክንያት ጎልቶ ወጣ፦ በገዛ ሥራው ላይ ምንም የመወሰን ድርሻ የሌለው፣ የታዘዘውን ብቻ የሚፈጽም ሰው ልቡ ይታመማል። «ፈጻሚ» የሚለው ስም ትዝ አይላችሁም? ረኃብ በሌለበት ከተማ፣ የጠገበ ተላላኪ፣ ሰው ባይሰማው ይሞታል።

የዓለም ጤና ድርጅት ከሥራ የሚመጣን መዛል እ.አ.አ. በ2019 በበሽታዎች መዝገቡ ውስጥ አስገብቶታል፤ በሽታ ብሎ ሳይሆን የሥራ ቦታ ክስተት ብሎ። ይኸው ድርጅት ከዓለም የሥራ ድርጅት ጋር ሆኖ እ.አ.አ. በ2022 እንዳስታወቀው በድባቴና በጭንቀት ምክንያት በየዓመቱ 12 ቢሊዮን የሥራ ቀናት ይባክናሉ፤ ኪሳራው አንድ ትሪሊዮን ዶላር ይጠጋል። ቁጥሩን ለሥራ አስኪያጆች ስል ነው የጠቀስኩት፤ እነሱ በቁጥር ያምናሉ። ለእኔ ግን የአባቴ እሑድ ማታ ይበቃኛል።

አሁን ወደ ራሴ ልመለስ፤ ሌላውን ብቻ እየከሰሱ መጻፍ ደግ አይደለም። ሳስተምር በነበረበት የትምህርት ክፍል አንድ ተላላኪ ነበሩ። ጠመኔ ያመጣሉ፣ የፈተና ወረቀት ያባዛሉ፣ ደብዳቤ ያደርሳሉ። ዘጠኝ ዓመት አብረን ሠራን። «አባባ» ነበር የምላቸው፤ በአክብሮት ይመስለኝ ነበር። አንድ ቀን አረፉ ተብሎ ለቅሶ ሄድን። ድንኳኑ ውስጥ አንድ ወጣት ቀርቦ እጅ ነሣኝና «እርስዎ መምህር እገሌ ነዎት? አባታችን ስለ ልጆችዎ ጭምር ይነግረን ነበር፤ ሁለተኛዋ ልጅዎ ስታማ ጊዜ ቤታችን ጸሎት ተይዞላታል» አለኝ። ልጄ መታመሟን አንድ ጠዋት እግረ መንገዴን ነግሬያቸው ነበር። እሳቸው ቤታቸው ይዘውት ገቡ። እኔ ግን በዚያች ሰዓት፣ በዚያ ድንኳን ውስጥ፣ የሟቹን ስም ከማይክሮፎን ሲጠራ ነው ለመጀመሪያ ጊዜ የሰማሁት። ዘጠኝ ዓመት! ስለ ሰው ልጅ ክብር በየሳምንቱ ስድስት ሰዓት የማስተምር ሰው! በዚያ ቀን ያፈርኩትን ዛሬም አልጨረስኩም።

ክፉ ሆኜ አልነበረም። ብዙ አለቆችም ክፉ አይደሉም። ቢሮው እንዲህ አድርጎ አሳደገን። ከሥራው ጀርባ ያለውን ሰው ሳናይ እንድናልፍ፣ ስሙን ሳናውቅ ጉልበቱን እንድንጠቀም ከ1900 ዓ.ም. ጀምሮ ሲያለማምደን ኖሯል።

ሕጉ ግን ከኛ ቀድሟል። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156፣ ከሱ በፊት እንደነበሩት አዋጆች ሁሉ፣ የሠራተኛውን ሰብአዊ ክብር መጠበቅን ከአሠሪው ግዴታዎች መካከል ጽፎታል። አልፎ ተርፎም ሰብአዊ ክብሩንና ሞራሉን የሚነካ ተግባር የተፈጸመበት ሠራተኛ ማስጠንቀቂያ ሳይሰጥ ሥራውን መልቀቅ እንደሚችል ይደነግጋል። ይህን አንቀጽ ከሠራተኛው ስንቱ ያውቀዋል? ከሥራ አስኪያጁስ? የደስታ ስልጠና ከማዘጋጀት በፊት ይቺን ገጽ አባዝቶ ማደል ወጪዋ ቀላል ነበር። ከዚያ ሠራተኛው የሚናገርበት፣ ተናግሮም የማይቀጣበት ስብሰባ። ከዚያ በሥራው ላይ እሱም እንዲመክር መጠየቅ። ከዚያ ወጥ የሚያስጨምር ደመወዝ። ጨርቁ ላይ የሚጻፈው መፈክር ከዚህ ሁሉ በኋላ ቢደርስ ማንም አይጎዳም።

ስልጠናው ሲያበቃ አሰልጣኙ የአስተያየት ወረቀት አደለን። «ስም አይጻፍም፣ በነጻነት ጻፉ» አለ። እኔም «ከውጭ ሻይ የሚቀዱት ሴት ስማቸው ማን ነው?» ብዬ ጽፌ ወረቀቱን አጥፌ ሳጥኑ ውስጥ ከተትኩ። ጥሩ ነገር የጻፍኩ መስሎኝ ደስ እያለኝ ሦስት ፎቅ ወረድኩ። ግቢው በር ላይ ስደርስ ጥበቃው መታወቂያዬን ሲመልስልኝ ነው የታወሰኝ። እኔም አልጠየቅኳቸውም።

ተመልሼ ደረጃውን ወጣሁ።